በዛራ ሌአንደር ዱካ፦ ከካርልስታድ እስከ ሄራድስሃማር

ዛራ ሌአንደርን የሚያውቅ ሰው አብዛኛውን ጊዜ የሚያውቃት በጀርመን ፊልሞቿ ነው፤ ስለዚህ ጉዞውንም በርሊን ላይ ይጀምራል። አይመከርም። በርሊን ላይ የሚታየው ተሠርታ ያለቀችው ኮከብ ናት። የዚህች ስዊድናዊት ተዋናይትና ዘፋኝ ሥራ ግን ከውል ወደ ውል የተሸጋገረ ነው፦ ማን ቀጠራት፣ በየትኛው ቋንቋ አዘፈናት፣ በየትኛው ገንዘብ ከፈላት። እነዚህን ሦስት ጥያቄዎች ይዞ በቅደም ተከተል የሚሄድ ሰው መልሱን ከየከተማው ያገኛል። ደግነቱ የሕይወቷ ቅደም ተከተልና የባቡሩ መስመር እምብዛም አይጣሉም፤ ማልሞ ላይ ብቻ ትንሽ ይዛነፋሉ።

ከመነሳት በፊት ጥቂት ነገር። ጉዞው ስዊድንን፣ ኦስትሪያን፣ ጀርመንንና ለጥቂት ሰዓት ዴንማርክን ይነካል። አራቱም የሸንገን አባል ስለሆኑ አንድ ቪዛ ይበቃል። ማመልከቻው የሚገባው ብዙ ሌሊት ለሚታደርበት አገር ኤምባሲ ነው፤ በዚህ ዕቅድ ስዊድን ትበልጣለች። ሸንገን ውስጥ ድንበር የለም ብሎ ፓስፖርትን ሻንጣ ሥር መቅበር ግን አያዋጣም፤ በዴንማርክና በስዊድን ድንበር ላይ መታወቂያ ይጠየቃል። ስዊድን ውስጥ ጥሬ ገንዘብ የማይቀበል ሱቅና ሙዚየም ብዙ ነው። ስዊሽ የሚባለው የስልክ ክፍያም የስዊድን ባንክ ሂሳብ ለሌለው ሰው አይሠራም፤ ስለዚህ ካርድ ይያዝ። ከዚህ በታች ያሉት ዓመታት በሙሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።

የመጀመሪያው ቀን፦ ካርልስታድ

ከስቶክሆልም ማዕከላዊ ጣቢያ እስከ ካርልስታድ ባቡሩ ሁለት ሰዓት ተኩል ገደማ ይፈጃል። ትኬቱ ሳምንታት አስቀድሞ ሲገዛ ዋጋው በብዙ ይቀንሳል፤ በዕለቱ ጣቢያ ሄዶ የሚገዛ ሰው እጥፉን ሊከፍል ይችላል። ከተማዋ የክላር ወንዝ ወደ ቬነርን ሐይቅ በሚገባበት አፍ ላይ ነው ያለችው። ከጣቢያው እስከ ወንዙ ዳር ቲያትር ቤት በእግር አሥር ደቂቃ ያህል ነው፤ ታክሲ አያስፈልግም።

ማርች 15 ቀን 1907 እዚህ የተወለደችው ልጅ ስሟ ሳራ ስቲና ሄድበርግ ነበር። ፒያኖና ቫዮሊን የጀመረችው በአራት ዓመቷ፣ መድረክ ላይ የወጣችው በስድስት ዓመቷ ነው። የቲያትር ቤቱ ሕንፃ በ1893 የተመረቀ ሲሆን ነዳፊው አክሰል አንደርበርግ በኋላ የስቶክሆልምን ንጉሣዊ ኦፔራ የሠራው ሰው ነው። ዛሬ የቬርምላንድ ኦፔራ መኖሪያ ነው። ውስጡን ማየት የሚፈልግ ሰው ትርኢት ያለበትን ምሽት መርጦ መሄድ ይሻለዋል፤ ቀን ቀን በሩ ብዙ ጊዜ ዝግ ነው።

ዋናው ነገር ከደጅ ነው፦ የነሐስ ሐውልቷ። እዚህ የቆመው በ2003 ነው፤ እሷ ካረፈች ከሃያ ዓመት በላይ ቆይቶ ማለት ነው። የአድናቂዎቿ ማኅበር ሐውልቱን ለከተማዋ ሊሰጥ ሲነሳ የከተማው አስተዳደር ወዲያው እሺ አላለም፤ ክርክሩ ዓመታት ወስዷል። ስጦታን ለመቀበል ይህን ያህል የሚያንገራግር ከተማ ምን አስጨንቆት እንደነበር ለመረዳት እስከ በርሊን መጠበቅ ያስፈልጋል።

ከካርልስታድ ዘመኗ የማይዘለል አንድ ነገር አለ፤ ለእሱ ግን ሌላ ከተማ ነው የሚጠራው። ከ1922 እስከ 1924 ሪጋ ኖራለች፤ ጀርመንኛ የለመደችውም እዚያ ነው። በዚያ ዘመን የላትቪያ ዋና ከተማ ጀርመንኛ የሚናገር ትልቅ ማኅበረሰብ ነበራት። ይህ ቋንቋ ባይኖር ኖሮ ከቪየና ጀምሮ ያለው ታሪክ በሙሉ ባልኖረ ነበር። ሪጋን በጉዞው ውስጥ ማስገባት ግን አይመከርም፤ ከሷ ጋር የተያያዘ ለጎብኚ የሚታይ ነገር እምብዛም የለም።

ሁለተኛው ቀን፦ ስቶክሆልም

ጠዋት ከካርልስታድ ተመልሶ ሻንጣን በማዕከላዊ ጣቢያው ሣጥን ውስጥ ማስቀመጥ። ከዚያ በእግር፦ ቫሳጋታን የሚባለው መንገድ ላይ ጥቂት ደቂቃ ሲሄዱ ቫሳ ቲያትር ይገኛል። በ1931 ሌአንደር በፍራንዝ ሌሃር ኦፔሬታ (በዘፈን የሚቀርብ ቀለል ያለ ተውኔት) የሃና ግላቫሪን ቦታ ይዛ፣ ከዘመኑ ታላቅ ተዋናይ ከየስታ ኤክማን ጋር የተጫወተችው እዚህ ነው። ስሟን ያስጠራው ይህ ሥራ ነው።

ከዚያ በሃምንጋታን በኩል ወደ ኒብሮፕላን፤ ሃያ ደቂቃ የማይሞላ መንገድ ነው። ፊት ለፊት ነጭ እምነበረድ የለበሰው ንጉሣዊ ድራማ ቲያትር ቆሟል። በ1927 ትምህርት ቤቱ ለመግባት ተፈትና አልተቀበሏትም። ያን ጊዜ አግብታ የመጀመሪያ ልጇን የወለደች የሃያ ዓመት ሴት ነበረች። «ሌአንደር» የሚለው ስም የመጀመሪያ ባሏ የኒልስ ሌአንደር ነው፤ ተፋትተውም ስሙ አብሯት ቀርቷል። ይህ ውድቀት በአጋጣሚ ረድቷታል ማለት ይቻላል። የድራማ ትምህርት ቤቱ ንግግርና እንቅስቃሴ አስተምሮ ወደ ጥንታዊ ተውኔት ነበር የሚልካት። በ1929 የቀጠራት ኤርንስት ሮልፍ ግን የሬቪዩ፣ ማለትም ዘፈንና ቀልድ የተቀላቀለበት የመድረክ ትርኢት ሰው ነው፤ ሬቪዩ ላይ አንድ ዘፈን ሦስት ደቂቃ ነው፣ ተመልካቹም በመጀመሪያው ስንኝ ካልተያዘ አይያዝም።

ድምፅዋ እጅግ ወፍራም አልቶ ነበር፤ ሴት ዘፋኝ በቀጭን ሶፕራኖ በሚለካበት ዘመን ጉድለት ሊመስል ይችል ነበር። የጊዜውን ቴክኒክ ማወቅ እዚህ ላይ ይጠቅማል። ከ1925 በፊት ሸክላ የሚቀረጸው በቀንድ በኩል ነበር፤ ዘፋኙ ወደ ቀንዱ አፍ ይጮኻል፣ ዝቅ ያለው ድምፅ ግን በአብዛኛው ይጠፋል። በኤሌክትሪክ ማይክሮፎን መቅዳት ሲጀመር ወፍራም ድምፅ ከነጥላው ሸክላው ላይ መቀመጥ ቻለ። ሌአንደር ለሸክላ ኩባንያው ለኦዴዮን መቅዳት የጀመረችው በ1930 ነው፤ ከአምስት ዓመት በፊት ብትመጣ ያው ድምፅ ይህን ያህል ባልሸጠ ነበር። ሸክላው 25 ሳንቲ ሜትር ስፋት አለው፣ በደቂቃ 78 ጊዜ ይዞራል፣ አንዱ ገጽ የሚይዘው ሦስት ደቂቃ ከጥቂት ነው። ዘፈኖቿ ሁሉ ተመሳሳይ ርዝመት ያላቸው ለዚህ ነው።

የስቶክሆልም ዓመታት ውስጥ ከሁሉ የከበደው 1934 ነው። ካርል ጌርሃርድ የሚባለው የሬቪዩ ደራሲና አዘጋጅ የናዚዎች ግልጽ ጠላት ነበር። ለሌአንደር «በቦት ጫማ ጥላ ሥር» የሚል ዘፈን ጻፈላት፤ በጀርመን በአይሁዶች ላይ የሚደርሰውን ስደት የሚያወግዝ ነው። እሷም ዘፈነችው። ይህ እውነት ነው፤ ከሁለት ዓመት በኋላ ውል የፈረመችው ከማን ጋር እንደሆነ ሲታይም እውነትነቱ አይቀንስም። ሁለቱን አንድ ላይ መያዝ ያስቸግራል፤ የሕይወት ታሪኳን የሚጽፉት ሰዎች አንዱን አድምቀው ሌላውን የሚያደበዝዙትም ለዚህ ይመስለናል።

ከሰዓት በኋላ በምድር ውስጥ ባቡር ወደ ካርላፕላን፣ ከዚያ በእግር ወደ ፊልምሁሴት። የስዊድን ፊልም ኢንስቲትዩት ቤተ መጻሕፍት እዚህ ነው። ከ1931 ጀምሮ በስዊድን ስለሠራቻቸው ፊልሞች የሚነበብ ነገር የሚገኘው እዚህ ነው። ፕሮግራሞችና የጋዜጣ ቁርጥራጮች በመጋዘን ስለሚቀመጡ አስቀድሞ ጽፎ ማዘዝ ይገባል፤ በድንገት የመጣ ሰው መጻሕፍት ብቻ አይቶ ይመለሳል።

ሦስተኛው ቀን፦ ቪየና

ከስቶክሆልም አውሮፕላን ማረፊያ ከአርላንዳ እስከ ቪየና በረራው ሁለት ሰዓት ከሩብ ገደማ ነው። ከአውሮፕላን ማረፊያው ወደ ከተማ የሚወስዱ ሁለት ባቡሮች አሉ። አረንጓዴው ፈጣን ባቡር ውድ ነው፤ ተራው ኤስ 7 አሥር ደቂቃ ያህል ብቻ ዘግይቶ በጥቂት ዩሮ ያደርሳል። በርሊን ላይም ኤስ 7 የሚባል መስመር ስለሚያጋጥም ስልክ ላይ ሲፈልጉ ከተማውን ደርቦ መጻፍ ነው።

ቲያትር አን ደር ቪን ከካርልስፕላትስ ጣቢያ በእግር የሚደረስ ነው፤ ፊቱ ወደ ናሽማርክት ገበያ ነው። በ1801 የተከፈተ፣ የቤትሆቨን «ፊደሊዮ» በ1805 ለመጀመሪያ ጊዜ የታየበት ቤት። ሴፕቴምበር 1 ቀን 1936 የራልፍ ቤናትስኪ አዲስ ኦፔሬታ እዚህ ተመረቀ። ሆሊውድን የሚያፌዝ ሥራ ነው፤ ሌአንደር የተጫወተችው ከሰው ሁሉ የራቀች የፊልም እመቤት ሆና ነው። ተመልካቹ ስዊድናዊቷን የሆሊውድ ኮከብ ግሬታ ጋርቦን አየባት፤ አየባትና ሳቀ፣ ከሳቁ በኋላ ግን ዘፈነች። ከሷ ጋር የተጫወተው ማክስ ሃንሰን ነበር።

ከቲያትር ቤቱ ፊት ቆሞ ማሰብ የሚገባው ስለ ተውኔቱ ጸሐፊዎች ጭምር ነው። አንዱ ፓውል ሞርጋን ነበር፤ አይሁዳዊ ኮሜዲያን። ሌአንደር በዚህ መድረክ የሱን ቃላት ተጫውታ ወደ በርሊን ሄደች። ናዚዎች በ1938 ኦስትሪያን ሲጠቀልሉ ሞርጋንን ያዙት፤ በዚያው ዓመት ዲሴምበር ላይ ቡከንቫልድ ካምፕ ውስጥ ሞተ። አቀናባሪው ቤናትስኪም አውሮፓን ትቶ ወደ አሜሪካ ወጣ።

አሁን ወደ ውሉ። ጀርመናዊቷ ኮከብ ማርሌነ ዲትሪክ አሜሪካ ቀርታለች፤ ጋርቦ የሆሊውድ ናት፤ የበርሊኑ የፊልም ኩባንያ ኡፋ የሴት ኮከብ አጥቷል። ጀርመንኛ የምትችል፣ ረጅም፣ ወፍራም ድምፅ ያላት፣ ስዊድናዊት የሆነች ሴት ቪየና ውስጥ በየምሽቱ አዳራሽ ትሞላለች። ኡፋ በ1936 መጨረሻ አስፈረማት። ከሚከፈላት ውስጥ 53 በመቶው በስዊድን ክሮና እንዲሆን አስገባች። ይህ ተራ ነገር አልነበረም፦ የራይሽ ማርክ ከአገር ማውጣት በጥብቅ ቁጥጥር ሥር ነበር፤ የውጭ ምንዛሪ ለጦር መሣሪያ ጥሬ ዕቃ መግዣ በሚቆጠብበት ጊዜ አንዲት ዘፋኝ ክሮና ታገኝ ነበር። በዚያ ላይ ኡፋ በ1937 የአክሲዮኑ አብላጫ ወደ መንግሥት እጅ ገባ። ከዚያ ወዲህ ደመወዟን የሚከፍለው፣ በየትኛውም አጠራር ቢጠሩት፣ የናዚው ፕሮፓጋንዳ ሚኒስትር የጎብልስ መሥሪያ ቤት የሚቆጣጠረው ድርጅት ነው።

ማምሻውን ጊዜ የተረፈው ሰው ወደ ስድስተኛው ወረዳ፣ ቫልጋሰ ወደሚገኘው ራይሙንድ ቲያትር መሄድ ይችላል። በ1958 በፔተር ክሮይደር ሙዚቃ የተመለሰችበት መድረክ ነው። በ1975 ደግሞ፣ ስልሳ ስምንት ሊሞላት ሲል፣ በቲያትር አን ደር ቪን የስቲቨን ሶንድሃይም ሙዚቃዊ ተውኔት ውስጥ አሮጊቷን ማዳም አርምፌልት ሆና ተጫውታለች። አንድ መድረክ ላይ፣ በ39 ዓመት ልዩነት።

አራተኛው ቀን፦ በባቡር ወደ በርሊን

ከቪየና እስከ በርሊን ስምንት ሰዓት ገደማ ነው። ቀጥታ የሚሄድ ባቡር አለ፤ የመቀመጫ ቁጥር ግን ከትኬቱ ተለይቶ ነው የሚገዛው፣ ይህን ያላወቀ ሰው በዓርብና በእሑድ እየቆመ ይሄዳል። ሰዓቱ ረጅም ነውና ፊልሞቿን ለማየት ይጠቅማል። ቅደም ተከተሉ ይጠበቅ፦ መጀመሪያ ዴትሌፍ ዚርክ በ1937 ያዘጋጃቸው ሁለቱ፣ ከዚያ የ1938ቱ የካርል ፍሮሊሽ «ሃይማት»፣ በመጨረሻ የ1942ቱ «ታላቁ ፍቅር»። ሌሎቹን መዝለል ይቻላል። የጀርመን ድሮ ፊልሞችን መብት በአብዛኛው የያዘው ቪስባደን ያለው የሙርናው ፋውንዴሽን ስለሆነ በሱ በኩል የወጡት ቅጂዎች ይመረጡ። በኢንተርኔት በነጻ የሚዞሩት ቅጂዎች ብዙ ጊዜ የተቆራረጡ ናቸው፤ የሚጎድለውም አብዛኛውን ጊዜ ፖለቲካው ያለበት ቦታ ነው።

አምስተኛው ቀን፦ ባብልስበርግና ፖትስዳም

በርሊን ኤስ 7ን ወደ ፖትስዳም አቅጣጫ መሳፈር። ጥንቃቄ፦ ፖትስዳም በታሪፍ ዞን ሲ ውስጥ ስለሆነ ለከተማው ብቻ የሚሠራው ኤቢ ትኬት አይበቃም፤ ኤቢሲ የሚለው ይገዛ። የወረቀት ትኬት ደግሞ ከመሳፈር በፊት በጣቢያው ሣጥን ውስጥ መመታት አለበት። ተቆጣጣሪዎቹ የደንብ ልብስ አይለብሱም፣ ምክንያትም አይሰሙም፤ ቅጣቱ 60 ዩሮ ነው።

ኡፋ ይሠራበት የነበረው የባብልስበርግ ስቱዲዮ ዛሬም ፊልም ይሠራበታል፤ ጎብኚ እንዲሁ አይገባም። አጠገቡ ያለው የፊልም መናፈሻ በሞቃት ወራት ይከፈታል፤ ለልጆች የሚሆን የመዝናኛ ቦታ ስለሆነ ሌአንደርን ፍለጋ የሚከፍል ሰው ገንዘቡን ያባክናል። ስቱዲዮውን ከውጭ ማየት ይበቃል። በ1926 የተሠራው ትልቁ አዳራሽ አሁን የማርሌነ ዲትሪክን ስም ይዟል፤ በርሊንን ጥላ የሄደችው ሴት ስም በሌአንደር መሥሪያ ቤት ግድግዳ ላይ መሆኑ የዘመኑን ፍርድ ይናገራል።

ጊዜ የሚሰጠው ለፖትስዳም የፊልም ሙዚየም ነው። ከዋናው ጣቢያ በረጅሙ ድልድይ በኩል በእግር አሥር ደቂቃ፤ የቀድሞው የንጉሥ ፈረሶች ቤት ውስጥ ነው። ሰኞ ዝግ ነው፤ ዕቅዱን ሲያወጡ መጀመሪያ የሚታየው ይህ ነው።

ከ1937 እስከ 1943 ለኡፋ አሥር ፊልም ሠራች። አብዛኛዎቹን የቀረጸው ካሜራ ባለሙያ ፍራንዝ ቫይህማየር ነበር፤ የሌአንደር ፊት ማለት በአብዛኛው የሱ መብራት ነው። ፊልሞቹን በቅርብ ያየ ሰው ስልቱን ይይዘዋል። ዘፈኑ ሲመጣ ካሜራው ይጠጋል፣ እንቅስቃሴው ሁሉ ይቆማል፣ መብራቱ ከላይና ከፊት ወርዶ ከጉንጭ አጥንቷ ሥር ጥላ ይጥላል፣ ዓይኗ ወደ ሩቅ ነው። ቅርብ ያለውን አጥርቶ የሚያይ ዓይን አልነበራትም ይባላል፤ ምክንያቱ ምንም ይሁን ምን ያ የራቀ አመለካከት መለያዋ ሆነ። እጅ ማወራጨት የለም፣ መሮጥ የለም። ተዋናይነቷን የሚነቅፉ ሰዎች ቀዝቃዛ ናት ይላሉ፤ እኛ የምንለው ግን ከወገቧ በላይ ብቻ ተቀርጻ ታሪክ መናገር የምትችል ሴት መሆኗን ነው፤ ይህን የሚችል ብዙ የለም።

ዚርክ ያዘጋጀው «ላ ሃባኔራ» ታሪኩ ፖርቶ ሪኮ ነው፤ የውጭ ትዕይንቱ የተቀረጸው ተነሪፍ ደሴት ላይ ነው፣ ያውም የስፔን የእርስ በርስ ጦርነት በሚካሄድበት በ1937። ዚርክ በዚያው ዓመት ጀርመንን ለቆ ወጣ፤ ሚስቱ አይሁዳዊት ነበረች። በኋላ ሆሊውድ ውስጥ ዳግላስ ሰርክ ተብሎ ታወቀ። ሌአንደር ቀረች።

ስድስተኛው ቀን፦ ግሩነቫልድና ዞ

ዛሬም ያው ኤስ 7። ግሩነቫልድ ጣቢያ ላይ ወርዶ «ግላይስ 17» (ሐዲድ 17) የሚለውን ምልክት መከተል። ሌአንደር በዚህ ሰፈር አካባቢ በቪላ ትኖር ነበር፤ ቪላው ግን ለጎብኚ የሚሆን ነገር የለውም፣ የሚታየው ሐዲዱ ነው። ከኦክቶበር 1941 ጀምሮ የበርሊን አይሁዶች ወደ ምሥራቅ የተጫኑት ከዚህ ነበር። በ1998 የተመረቀው መታሰቢያ 186 የብረት ሰሌዳዎችን በሐዲዱ ግራና ቀኝ ያነጠፈ ነው። እያንዳንዱ ሰሌዳ ጫፍ ላይ ቀን፣ የሰው ቁጥር፣ የሚሄዱበት ቦታ ተቀርጿል፤ ሌላ ቃል የለም። ሰሌዳዎቹ በጊዜ ቅደም ተከተል ስለተደረደሩ የጁን 1942ን ማግኘት አያስቸግርም። በዝናብ ቀን ብረቱ ያንሸራትታል፤ ጫማ ይታሰብበት።

ጁን 1942 የተባለው ያለ ምክንያት አይደለም። «ታላቁ ፍቅር» በርሊን ውስጥ የተመረቀው ጁን 12 ቀን 1942 ነው። ወደ 28 ሚሊዮን የሚጠጋ ሰው እንዳየው ይገመታል፤ የናዚ ዘመን ትልቁ የገበያ ድል ይህ ነው። የምትጫወተው ሃና የምትባል ዘፋኝ የጦር አውሮፕላን አብራሪ ትወዳለች፤ ሊጋቡ ሲሉ በየጊዜው ትእዛዝ እየመጣ ይጠራዋል። ፊልሙ ስለ መሪው ንግግር አያደርግም፣ ጠላትንም እምብዛም አያሳይም። የሚያደርገው ሴቷን መጠበቅ ማስተማር ነው። በመጀመሪያ ትቆጣለች፣ ቀጥሎ ትታገሣለች፣ በመጨረሻ መጠበቁን ራሷ ትመርጠዋለች። ባሏና ልጇ ግንባር ያሉባት ሚሊዮን ሴት ሲኒማ ቤት ገብታ ያየችው የራሷን ኑሮ ነው፤ ፕሮፓጋንዳው የሠራውም በዚህ መንገድ ነው። ፓሪስ ላይ ለወታደሮች የምትዘፍነው «ዓለም በዚህ ምክንያት አይጠፋም» የሚል መንፈስ ያለው ዘፈን ከቦምብ መጠለያ እስከ ግንባር የተዘመረ ሆነ።

ይህንና ሌላውን ትልቅ ዘፈን ያቀናበረው ሚካኤል ያሪ፣ ግጥሙን የጻፈው ብሩኖ ባልዝ ነው። ባልዝ በተመሳሳይ ፆታ ግንኙነት ምክንያት ናዚዎች ያሠሩት ሰው ነበር። አንድ ቀን ተአምር ይሆናል የሚለውን ግጥም ከዚህ ጋር ማንበብ የዘፈኑን ትርጉም ይለውጠዋል። ከጦርነቱ በኋላ ሌአንደር በግብረ ሰዶማውያን ተመልካቾች ዘንድ ይህን ያህል የተወደደችበት አንዱ ሥር ይህ ነው ብለን እናምናለን።

ከግሩነቫልድ እስከ ዞሎጊሸር ጋርተን አሥር ደቂቃ አካባቢ ነው። ከጣቢያው ወጣ ብሎ ያለው ዞ ፓላስት ሲኒማ በ1957 የተከፈተ ነው፤ ከሱ በፊት በዚሁ ቦታ የኡፋ ዋና የምረቃ አዳራሽ ነበር፣ በኖቬምበር 1943 በቦምብ ጠፍቷል። የሌአንደር ቪላም የተመታው በማርች 1 ቀን 1943 የእንግሊዝ አየር ድብደባ ነው። የመጨረሻው የኡፋ ፊልሟ ከሁለት ቀን በኋላ ተመረቀ፤ በዚያው ዓመት ወደ ስዊድን ሄደች። ለሶቪየት ትሰልል ነበር የሚል ወሬ በኋላ ተነሥቷል፤ እሷ ክዳዋለች። በፖለቲካ ምንም የማላውቅ ነኝ የሚለው መልሷ ግን የካርል ጌርሃርድን ዘፈን ለሚያስታውስ ሰው አይዋጥለትም።

ሰባተኛው ቀን፦ ማልሞ

ቀኑን ሙሉ ባቡር ነው። በርሊን፣ ሐምቡርግ፣ ኮፐንሃገን፣ ከዚያ በኦረሱንድ ድልድይ ወደ ማልሞ። በርሊንና ሐምቡርግ መካከል ያለው መስመር ለረጅም ጥገና የሚዘጋበት ጊዜ ስላለ ትኬት ከመግዛት በፊት ይጣራ። ሐምቡርግ ላይ ቢያንስ አንድ ሰዓት መተው ብልህነት ነው፤ የጀርመን ባቡር ይዘገያል፣ የኮፐንሃገኑ ደግሞ በቀን ጥቂት ጊዜ ብቻ ነው።

ማልሞ ላይ ከቅደም ተከተሉ ትንሽ እንወጣለን። በ1943 ስትመለስ የስዊድን መድረኮች በራቸውን ዘጉባት፤ በርሊን ለጦርነቱ እየዘፈነች ክሮና ስትሰበስብ የኖረች ሴት ነበረች። ስድስት ዓመት ያህል ቆይቶ በ1949 እንደገና ሕዝብ ፊት የቆመችው እዚህ ከተማ ነው። ከዚያ ወዲህ የሠራቻቸው የጀርመን ፊልሞች፣ ከ1950 እስከ 1959 ያሉት፣ ደካማ ናቸው፤ የኡፋው መብራት የለም፣ ጊዜውም አልፏል። ኮንሰርቱ ግን ዓመት ከዓመት ሞላ። ሆቴል ከጣቢያው አጠገብ መያዝ፤ ነገ ማለዳ መነሳት አለ።

የመጨረሻው ቀን፦ ኖርሸፒንግና ሄራድስሃማር

ከማልሞ በስቶክሆልም ባቡር ሦስት ሰዓት ገደማ ተጉዞ ኖርሸፒንግ መውረድ። ከዚያ በኋላ መኪና ያስፈልጋል። ወደ ቪክቦላንዴት ገጠር የሚሄድ አውቶቡስ አለ፤ ግን በሳምንቱ መጨረሻ በጣም ይሳሳል፣ ካመለጠ ሰዓታት ያስጠብቃል። ጣቢያው አካባቢ መኪና ተከራይቶ በ209 ቁጥር መንገድ በኦስትራ ሁስቢ በኩል መሄድ ነው፤ ከ30 እስከ 40 ኪሎ ሜትር። ማታ ማታ አጋዘን መንገድ ያቋርጣል፤ ቀስ ብሎ መንዳት ይገባል።

ሎኖ የሚባለውን የባሕር ዳር ርስት የገዛችው በ1939 ነው፤ በክሮና የተከፈለው ድርሻ ጥቅሙ እዚህ ላይ ይታያል። በርሊን ስትቃጠል የምትመለስበት ቤት ነበራት። ሎኖ የግል ይዞታ ነው፤ አጥር አልፎ ፎቶ ማንሳት ነውር ነው፣ አስፈላጊም አይደለም። በሄራድስሃማር ለሷ የተቋቋመ ሙዚየም አለ። የሚከፈተው በአውሮፓ ሞቃት ወራት ስለሆነ ቀኑንና ሰዓቱን ደውሎ ሳያረጋግጡ ከኖርሸፒንግ መነሳት የለም፤ ተዘግቶ ካገኙት በአካባቢው ሌላ የሚሠራ ነገር አይኖርም።

ከ1956 ጀምሮ ባሏ የነበረው ፒያኒስቱና የባንድ መሪው አርነ ሁልፌርስ ብዙ ጊዜ አብሯት መድረክ ላይ ይወጣ ነበር፤ በ1978 ሞተ። በዚያው ዓመት እሷም በስትሮክ ተመትታ መድረክ ተወች። ስቶክሆልም ውስጥ ያረፈችው ጁን 23 ቀን 1981 ነው፤ መቃብሯ በሄራድስሃማር ቤተ ክርስቲያን ግቢ ነው፤ ግቢው ዓመቱን ሙሉ ክፍት ነው።

ከዚህ በኋላ ቅጂ ለሚገዛ ሰው አንድ ማሳሰቢያ። የታወቁትን የኡፋ ዘፈኖቿን ከጦርነቱ በኋላ ደጋግማ እንደገና ቀድታቸዋለች፤ ሻጮች ሁለቱን በአንድ ሥዕል ሸፍነው ያቀርባሉ። የ1930ዎቹ ከሆነ ኦርኬስትራው ጠባብ፣ ድምፅዋ ወፍራም ሆኖ ንጹሕ ነው፤ ከኋላ የመጣው ግን ሰፊ ድምፅ ያለው ስቴሪዮ ሲሆን የሷ ድምፅ የበለጠ ወርዷል፣ ቃላቱንም ታረዝማለች። ከሽፋኑ ጀርባ የቅጂው ዓመት ካልተጻፈ አይገዛ። ለመጀመር ከ1937 እስከ 1942 ያሉት ይበቃሉ፤ የስዊድንኛዎቹ የኦዴዮን ቅጂዎች ደግሞ በተለየ ስብስብ ስለሚወጡ ለብቻ መፈለግ ይኖርባቸዋል።